ከመረሬው ስንጥቅ የሚወጡት

ቂሊንጦን ዛሬ የሚያውቃት ሰው በኮንዶሚኒየሙ፣ በፋብሪካው፣ በዩኒቨርሲቲውና በከባድ መኪና አቧራ ነው የሚያውቃት። እኔ ያደግሁባት ቂሊንጦ ከሁሉም በፊት አፈር ነበረች፤ በክረምት ጫማ ከእግር የሚነጥቅ፣ በበጋ ክንድ የሚያስገባ ስንጥቅ የሚከፍት ጥቁር መረሬ። ጤፉም፣ ስንዴውም፣ ሽምብራውም፣ ጓያውም የሚበቅለው እሱ ላይ ነበር። ማንም ሳይዘራው ከዚያው አፈር የሚወጣ ሌላ ፍጥረትም ነበር፤ ቀንድ አውጣ። የልጅነት ፍቅሬ እሱ ነው።

ከባለቤቱ በፊት የተዋወቅሁት ከዛጎሉ ጋር ነው። የአያቴ ማሳ ሲታረስ ከበሬዎቹ ኋላ እየተከተልኩ፣ ማረሻው ከገለበጠው አፈር ውስጥ ነጫጭ ዛጎሎችን በቀሚሴ እለቅም ነበር። ከላይ ሾል ብለው ወደ አፋቸው እየሰፉ የሚወርዱ፣ ትልልቆቹ የአዋቂ ጣት የሚያህሉ ናቸው። ፀሐይና ዝናብ የተፈራረቀባቸው ፍጹም ነጥተዋል። ገና ያልደበዘዙት ላይ ግን በፈዘዘ ቢጫ መደብ ላይ ቡናማ ሰረዞች እየተወላገዱ ከላይ ወደ ታች ይወርዳሉ። ቤት ስገባ በመደቡ ጠርዝ ላይ አሰልፋቸዋለሁ፤ መጀመሪያ በቁመታቸው፣ ቀጥዬ በሰረዛቸው፣ ከዚያም በጥምዛቸው ብዛት።

ያ ሰልፍ ነው የመጀመሪያውን ነገር ያሳየኝ። የትልቁ ዛጎል ጫፍ ከትንሹ ዛጎል ጋር አንድ ነበር፤ ያው ጥምዝ፣ ያው ልስላሴ። ትንሹ በትልቁ አናት ላይ ተቀምጧል ማለት ይቻላል። ቀንድ አውጣ ዛጎሉን እየጣለ ሌላ አይቀይርም። ከእንቁላል ሲወጣ ይዞት የተወለደው ዛጎል ጫፉ ላይ ዕድሜውን ሙሉ ይኖራል፤ እድገቱ የሚጨመረው በአፉ ከንፈር በኩል ብቻ ነው። ገላውን የሚሸፍነው ስስ ቆዳ ከደሙ የወሰደውን ካልሲየም በከንፈሩ ዙሪያ እየለጠፈ፣ እየዞረ ይሄዳል። ምግብና እርጥበት የበዛበት ወቅት ሰፊ ጭማሪ ይተዋል፤ እድገት የቆመበት በጋ ደግሞ ጎላ ያለ መስመር ሆኖ ይቀራል። አንድ ዛጎል ከጫፉ እስከ አፉ ሲነበብ የአንድ ሕይወት ታሪክ ነው። ይህን በቃላት ያወቅሁት ቆይቼ ቢሆንም፣ ዓይኔ ያወቀው በመደቡ ጠርዝ ላይ ነበር።

አያቴን፣ የሰፈራችን ልጆች በኦሮምኛ እንደሚሉት፣ አኮ ነበር የምላት። አኮ ዛጎሎቼን አትጥልብኝም፤ ስትጠርግ እያነሳች መልሳ ታሰልፋቸዋለች። አንድ ቀን ግን፣ «የኔ ልጅ፣ ይኼ ባዶው ነው፤ ባለቤቱን ማየት ከፈለግሽ ሰኔን ጠብቂ» አለችኝ። ሰኔ ገብቶ የመጀመሪያው ከባድ ዝናብ ባባራበት ምሽት ፋኖሷን አንጠልጥላ ወደ አጥሩ ወሰደችኝ። በሳሩ ግርጌ፣ በእንዶዱ ግንድ ላይ፣ በድንጋዩ ካብ ላይ፣ ሁሉም ቦታ ነበሩ! ለቅሜ የማውቃቸው እነዚያ ሰረዛም ዛጎሎች አሁን ሥጋ ለብሰው ይሄዳሉ።

ጣቴን ስዘረጋ ረጅሙ ቀንድ፣ የሹራብ እጅጌ ከጫፉ ወደ ውስጥ እንደሚገለበጥ፣ ተሰብስቦ ገባ። ትንሽ ታግሼ ስጠብቅ እንደገና ከውስጥ ወደ ውጭ እየተገለበጠ ወጣ፤ ጫፉ ላይ ጥቁር ነጥብ አለች። አኮ ፋኖሷን ዝቅ አድርጋ፣ «ዓይኑ ናት፤ አትንኪያት» አለችኝ። ልክ ነበረች። የየብስ ቀንድ አውጣ አራት ቀንዶች አሉት። ከላይ ያሉት ሁለቱ ረጃጅሞች በጫፋቸው ዓይን ይይዛሉ፤ ብርሃንና ጥላን ይለያሉ፣ ሽታም ይቀበላሉ። ከታች ያሉት ሁለት አጫጭሮች መሬቱን እየዳሰሱ፣ እያሸተቱና እየቀመሱ ይሄዳሉ። ላይኛው ቀንድ ቢቆረጥ እንኳ ዓይኑን ጨምሮ መልሶ የሚያበቅል ፍጥረት ነው።

ከዚያ በኋላ ክረምት በመጣ ቁጥር ቀንድ አውጣ የማይኖርበት ብርጭቆ በቤታችን አልነበረም ብል ማጋነን አይሆንም። ሰፊ የመስታወት ማሰሮ አገኘሁና እርጥብ አፈር፣ የጎመን ቅጠልና የተፈጨ የእንቁላል ቅርፊት አስገባሁበት። ቀንድ አውጣ በመስታወት ላይ ሲወጣ ከውጭ ሆኖ እግሩን ከሥር ማየት እስካሁን ከማውቃቸው ውብ ነገሮች አንዱ ነው። ከጅራቱ በኩል ጠቆር ያሉ ቀጫጭን ሞገዶች ይነሱና እየተከታተሉ ወደ ራሱ ይሄዳሉ። እግሩ አንድ ሰፊ ጡንቻ ነው፤ የሚራመደው በእነዚህ ሞገዶች ነው። ልጋጉም ተራ ማዳለጫ አይደለም፤ ሳይነካ ሲቀር እንደ ጠጣር የሚይዝ፣ ሞገዱ ሲጫነው ግን ፈሳሽ የሚሆን ነገር ነው። በአንድ ቅጽበት ከእግሩ ሥር ያለው ክፍል ሙጫ፣ ጎኑ ያለው ደግሞ ቅባት ይሆናል ማለት ነው። ተዘቅዝቆ በመስታወት ላይ የማይወድቀውም ለዚህ ነው።

ማታ ቤቱ ጸጥ ሲል ደግሞ ጎመኑን ሲበላ ይሰማኛል፤ ስስ፣ የሚፋቅ ድምፅ ነው። አፉ ውስጥ ራዱላ የሚባል ምላስ መሰል ሰቅ አለ፤ በላዩ ላይ በሺህ የሚቆጠሩ ደቃቅ ጥርሶች በረድፍ ተተክለዋል። የፊተኞቹ እየተበሉ ሲሄዱ ከኋላ አዳዲስ ረድፎች እየተሠሩ ወደፊት ይመጣሉ። የእንቁላሉን ቅርፊትም ይፍቀዋል፤ ዛጎል የሚሠራው ከካልሲየም ነውና።

የባዮሎጂ መምህራችን ማሰሮውን ይዤ ወደ ክፍል እንድመጣ የፈቀደልኝ ዕለት ዛሬም ይታወሰኛል። አቃቂ ነው የተማርኩት። የእጅ ሌንሱን አውጥቶ ከዛጎሉ ከንፈር በስተቀኝ በኩል ያለች ቀዳዳ አሳየን፤ ቀስ ብላ ትከፈታለች፣ ቀስ ብላ ትዘጋለች። «ይኼ የሳንባው በር ነው» አለን። ዓሣ በሚተነፍስበት ስንጥብ የሚተነፍሱ የባሕር ዘመዶች ቢኖሩትም፣ ይህኛው በየብስ ኖሮ አየር የሚስበው በሳንባ ነው። ደሙ ቀይ አይደለም፤ ኦክስጅን የሚሸከምለት ብረት ሳይሆን መዳብ ያለበት ውህድ ስለሆነ ወደ ሰማያዊ ያደላል። ከሁሉ በላይ ክፍሉን ያንጫጫው ግን እያንዳንዱ ቀንድ አውጣ ወንዴም ሴቴም መሆኑ ነው። እንዲያም ሆኖ አብዛኛውን ጊዜ ጥንድ ይፈልጋል፤ ሁለቱ ይገናኛሉ፣ ዘር ይለዋወጣሉ፣ ሁለቱም እንቁላላቸውን አፈር ቆፍረው ይቀብራሉ። የኛ ቀንድ አውጣ እንቁላል ክብ፣ ነጭና ጠንካራ ቅርፊት ያለው ነው፤ አኮ የጎመን መደብ ስትቆፍር በአንድ ጉድጓድ ተከማችቶ እናገኘው ነበር። ጫጩቱ ሲፈለፈል የመጀመሪያ ምግቡ የገዛ ቅርፊቱ ነው።

መምህሩ ስሙንም ነገረን፤ ሊሚኮላሪያ። ከሰሐራ በታች ባለው አፍሪካ የተስፋፋ ወገን ነው፤ ቤተሰቡም አካቲኒዴ ይባላል። የዚህ ቤተሰብ ዝነኛ አባል ከምሥራቅ አፍሪካ ተነሥቶ በሰው እጅ ዓለምን ያዳረሰው ግዙፉ የአፍሪካ ቀንድ አውጣ ነው፤ ዛጎሉ እስከ 20 ሴንቲ ሜትር ይደርሳል። የኛው የዚያ ታናሽ ዘመድ ነው። በጥቁር ሰሌዳ ላይ የተጻፈውን ያን ረጅም ስም ደብተሬ ሽፋን ላይ በትልልቁ ገለበጥኩት።

የስሙን ታሪክ ተከትዬ መጻሕፍት ማገላበጥ የጀመርኩት ዩኒቨርሲቲ ከገባሁ በኋላ ነው፤ እዚያም የሸዋን ቀንድ አውጣዎች ባልጠበቅሁት ሥፍራ አገኘኋቸው። ፖል ሶሌዬ የተባለ ፈረንሳዊ ተጓዥና ነጋዴ በ1880ዎቹ መጀመሪያ (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው) ምኒልክ የሸዋ ንጉሥ ሳሉ ወደ አገራችን መጥቶ ነበር። የለቀማቸውን የየብስና የውሃ ዛጎሎች ተቀብሎ የመረመረው ዡል ሬኔ ቡርጊኛ ሲሆን፣ መጽሐፉ በ1885 ታተመ። አዲስ አበባ ራሷ ገና አልተቆረቆረችም! ከዚያ ሁለት ዓመት ቀደም ብሎ በ1883 ይኸው ሰው ስለ መላው «አቢሲኒያ» ቀንድ አውጣዎች አንድ መጽሐፍ አውጥቷል። በ1888 ደግሞ ካርሎ ፖሎኔራ የተባለ የቶሪኖ ሰዓሊ፣ አዎን ሰዓሊ፣ የሸዋንና የአዋሽ ሸለቆን ቀንድ አውጣዎች ጻፈ። የአቃቂ ወንዝ የሚገባው አዋሽ ነውና ይህን ርዕስ ሳነብ የሰፈሬን ስም ያየሁ ያህል ደስ አለኝ።

ቡርጊኛን በተመለከተ ግን ከመምህራኔ ጋር እስማማለሁ፤ ስም አብዝቷል። ሰረዙ ጥቂት የተለየ፣ ጥምዙ ትንሽ የረዘመ ዛጎል ባገኘ ቁጥር አዲስ ዝርያ ይለዋል። ከእርሱ በኋላ የመጡት ብዙዎቹን ስሞች ሰርዘዋል፤ ያው ዝርያ በተለያየ ስም ሆኖ ተገኝቷልና። ለዚህ ጥሩ ማስረጃ የመጣው ከምሥራቅ አፍሪካ ነው። ዴኒስ ኦወን ኡጋንዳ ውስጥ ሊሚኮላሪያ ማርቴንሲያና የተባለውን ዝርያ አጥንቶ በ1963 ባሳተመው ጽሑፍ፣ በአንድ ቦታ አብረው በሚኖሩና በሚዋለዱ ቀንድ አውጣዎች መካከል ሰረዛሙም ፈዛዛውም እንደሚገኝ አሳየ። የቀለሙ ልዩነት በዘር የሚተላለፍ የአንድ ዝርያ ውስጣዊ መልክ ነው። እኔም በመደቡ ላይ በሰረዝ ለያይቼ ያሰለፍኳቸው ወንድማማቾች መሆናቸውን ሳውቅ ወደድኳቸው እንጂ አላዘንኩም።

ታዲያ ምን ይለያቸዋል? ዛጎል አንዱ ምስክር ነው፤ ብቸኛው ግን አይደለም። ከአሥራ ዘጠነኛው መቶ ዘመን አጋማሽ ጀምሮ ሊቃውንቱ ወደ ውስጥ መመልከት ጀመሩ፤ የራዱላውን ጥርስ፣ የመራቢያ አካላቱን አሠራር፣ የሳንባውን ደም ሥር። በ1855 አዶልፍ ሽሚት ዓይን ያለበትን ቦታ ለምደባ ተጠቀመበት፤ ዓይኑን በቀንዱ ጫፍ የተሸከመውን ስታይሎማቶፎራ አለው፤ ዓይኑ በቀንዱ ሥር የሆነው ደግሞ ባሶማቶፎራ ተባለ። የቂሊንጦ ልጅ ሁሉ ይህን በዓይኑ ሊያረጋግጥ ይችላል፤ በአጥሩ ሥር ያለው አራት ቀንድና ጫፍ ላይ ዓይን አለው፣ በወንዙ ዳር ያለው ሁለት ቀንድና ሥሩ ላይ ዓይን አለው። ባሶማቶፎራ የሚለው ስም ዛሬ አንድ የዘር ሐረግን የሚያመለክት ተደርጎ አይወሰድም፤ ከ2000 ወዲህ የዘረ መል ጥናት የእነዚህን እንስሳት ዝምድና ደጋግሞ አስተካክሎታል። ስታይሎማቶፎራ ግን ጸንቶ ቆይቷል፤ ዛሬ በውስጡ ከ20,000 በላይ ዝርያዎች ይቆጠራሉ።

ከእነዚህ መካከል በአገራችን ደጋና ደን ያሉትን ልጆች ቢያውቋቸው ደስ ይለኝ ነበር። ጉሌላ የሚባሉት ከሩዝ ፍሬ ብዙም የማይበልጡ፣ የዛጎላቸው አፍ ውስጥ ጥርስ መሰል ጉብታ ያላቸው አዳኞች ናቸው፤ ቅጠል አይበሉም፣ ሌሎች ቀንድ አውጣዎችን እያሳደዱ ይበላሉ። ዩሮሳይክሊዴ የሚባለው የአፍሪካ ቤተሰብ ደግሞ ዛጎሉን እያሳሳ፣ እያሳነሰ፣ አንዳንዶቹ ዘንድ ጨርሶ ከቆዳ በታች ደብቆት የሚኖር ነው። ዛጎል የሌለው ቀንድ አውጣ የተለየ ፍጥረት የሚመስለው ሰው ብዙ ነው፤ ዛጎሉን በዘመናት ብዛት የተወ ቀንድ አውጣ ነው እንጂ። ይህም አንድ ጊዜ ብቻ አልሆነም፤ በተለያዩ ቤተሰቦች ውስጥ ደጋግሞ ተከስቷል።

በጋ የራሱ ትምህርት ነበረው። ኅዳር ሲገባ ቀንድ አውጣዎቼ ከአጥሩ ይጠፋሉ። ሽምብራው በቀረው እርጥበት እያፈራ፣ መሬቱ መሰንጠቅ ይጀምራል። እኔና የጎረቤት ልጆች ስንጥቁ ውስጥ በእንጨት ስንፈልግ፣ አፋቸው በስስ ነጣ ያለ ሽፋን የታተመ ዛጎሎች እናገኝ ነበር። ገላውን ወደ ውስጥ ስቦ፣ ልጋጉን በአፉ ላይ ዘርግቶ ሲደርቅ በሩን የዘጋ ማለት ነው። ልቡ ቀስ ብሎ ይመታል፤ የሚያወጣው ውሃ እጅግ ጥቂት ነው፤ ያጠራቀመውን እየቆጠበ ሰኔን ይጠብቃል። ይህ ጽናት ምን ያህል ሊሄድ እንደሚችል የሚያሳይ ታሪክ አለ። ከግብፅ በረሃ የመጣ አንድ ቀንድ አውጣ በ1846 ሞቷል ተብሎ በለንደኑ የብሪታንያ ሙዚየም በካርቶን ላይ ተለጠፈ። በ1850 ካርቶኑ ላይ የልጋግ ምልክት ታየና በለብ ያለ ውሃ ሲነከር ነቅቶ መሄድ ጀመረ። አራት ዓመት! ይህን ያነበብኩበት ምሽት እንቅልፍ አልወሰደኝም።

ስለ እንዶዱም ልናገር። አኮ ነጠላዋንና ጋቢውን በእንዶድ ነበር የምታጥበው፤ ፍሬውን ቀጥቅጣ ስታሸው የሚወጣው አረፋ የልጅነቴ ሽታ ነው። ዶክተር አክሊሉ ለማ በ1964 አድዋ ላይ፣ ሴቶች በእንዶድ ልብስ ከሚያጥቡበት ሥፍራ በታች ባለው ወንዝ ውስጥ የሞቱ ቀንድ አውጣዎችን ማየታቸውን መምህራችን ሲተርክልን ጀርባዬን ወረረኝ። እነዚያ የውሃ ቀንድ አውጣዎች የቢልሃርዝያን ጥገኛ ትል የሚያሳድጉ ናቸው፤ የእንዶዱ ሳፖኒን ደግሞ ይገድላቸዋል። በዚህ ምርምር ከዶክተር ለገሠ ወልደ ዮሐንስ ጋር በ1989 ራይት ላይቭሊሁድ የተባለውን ሽልማት ተቀብለዋል። ከቢልሃርዝያ ተሸካሚዎቹ አንዱ የሆነው ባዮምፋላሪያ፣ ከየብሱ ዘመዱ በተለየ፣ ደሙ ቀይ ነው፤ ኦክስጅን በማይበዛበት ውሃ እንዲኖር ያስችለዋል። እኔን ግን ከሁሉ በላይ የነካኝ የግኝቱ መነሻ ነው። ስንት ሰው ያንን ወንዝ ተሻግሯል! ቆም ብሎ የሞተ ቀንድ አውጣ ያየ ሰው ግን አገሩ ላይ የነበረ እውቀትን ከሳይንስ ጋር አገናኘ። በፓሪስና በቶሪኖ ዛጎል ይዘው ስም ያወጡት ሰዎች ሥራቸውን ሠርተዋል፤ አከብራቸዋለሁ። ባለቤቱ መቼ እንደሚወጣ፣ የት እንደሚተኛ፣ እንቁላሉን የት እንደሚቀብር የምታውቀው ግን ፋኖስ የያዘችው አኮ ነበረች፤ ይህ ደግሞ ግማሹ ሥነ ሕይወት ነው።

የቀንድ አውጣ ነገር ቀላል ጉዳይ እንዳልሆነ ዓለም በከባድ ዋጋ ተምሮታል። ከ1500 ወዲህ ጠፍተዋል ተብለው ከተመዘገቡ እንስሳት ወደ 40 በመቶ የሚሆኑት ዛጎል ለባሾቹና ዘመዶቻቸው ናቸው። በፓስፊክ ደሴቶች፣ ግዙፉን የአፍሪካ ቀንድ አውጣ እንዲበላ ተብሎ የተለቀቀ አንድ አዳኝ ቀንድ አውጣ፣ በሞሬያ ደሴት ከ1977 ጀምሮ ፓርቱላ የተባሉትን የአገሬው ዝርያዎች በጥቂት ዓመታት ውስጥ ፈጃቸው። አንድን ዝርያ ሳያውቁ ሌላውን ማምጣት እንዲህ ያደርጋል።

ማሳው ዛሬ የለም። አኮም ካረፈች ቆይታለች። በሰፈሩ የአዲስ አበባ ሳይንስና ቴክኖሎጂ ዩኒቨርሲቲ አለ፣ የመድኃኒት ፋብሪካዎች የሚተከሉበት የኢንዱስትሪ ፓርክ አለ፣ መንገዱ ሰፍቷል። ወንድሜ ግን እዚያው ግቢ ቀርቷልና ክረምት ሲገባ እሄዳለሁ። ቀንድ አውጣዎቹ የሲሚንቶውን አጥር ወደውታል፤ ዝናብ ሲያባራ ግድግዳው ላይ ተለጥፈው በራዱላቸው ካልሲየሙን ይፍቃሉ። የወንድሜ ልጅ በስልኳ መብራት ታበራለች፣ እኔ እለካለሁ፣ እሷ በደብተር ትጽፋለች።

ባለፈው ሐምሌ፣ «አክስቴ፣ ለምንድን ነው ሁሉም ወደ ቀኝ የሚዞሩት?» ብላ ጠየቀችኝ። ዛጎሉን ጫፉን ወደ ላይ አድርገው ሲይዙት አፉ በቀኝ በኩል ይሆናል፤ ይህን በራሷ ነው ያስተዋለችው። የአዟዟሩ አቅጣጫ በአንድ የውሃ ቀንድ አውጣ እንዴት እንደሚወረስ በ1923 መታወቁን ነገርኳት፤ የልጁን አቅጣጫ የሚወስነው የራሱ ዘረ መል ሳይሆን የእናቱ ነው፤ እናትየው እንቁላሉ ውስጥ ያኖረችው ነገር ገና ሴሎቹ መከፋፈል ሲጀምሩ ያዞራቸዋል። ስለዚህ የእናትየዋ ዘረ መል ውጤት በገዛ ዛጎሏ ላይ ሳይታይ በልጆቿ ላይ ሊታይ ይችላል። ልጅቷ ትንሽ አሰበችና፣ «እንግዲያ አንድ ግራ ዞር ካገኘን እናቱን መጠየቅ ነው» አለች። ወንዝ ዳር ቡሊነስ የሚባለው ሁልጊዜ ግራ ዞር መሆኑን ብነግራትም አልረካችም፤ የምትፈልገው ከአጥሩ ነው። አሁን ክረምት ሲመጣ የምናየውን ሁሉ አፉን እያዞርን እንፈትሻለን። እስካሁን የተመዘገቡት በሙሉ ቀኝ ናቸው፤ በደብተሯ ላይ ግን ለግራ ዞሩ አንድ ባዶ ዓምድ አስምራለታለች።